የክራኮቭን ጥንታዊ የአይሁድ ሰፈር በምን እንጎብኘው? በብስክሌት፣ በእግር ወይስ በኤሌክትሪክ ጋሪ

በፖላንዷ ክራኮቭ ከተማ፣ በዋናው የገበያ አደባባይ ላይ አምስት ደቂቃ የቆመ ጎብኚ ባዶ እጁን አይሄድም። አንዱ የብስክሌት ጉብኝት ወረቀት ያስይዘዋል፤ ሌላው ባጃጅን በሚያስታውስ የኤሌክትሪክ ጋሪ ላይ እንዲወጣ ይጋብዘዋል፤ ሦስተኛው ጃንጥላ ዘርግቶ «በእግር ነው፣ ክፍያው እንደ ፈቃድዎ» ይለዋል። ሁሉም የሚወስዱት ወደ አንድ ሰፈር ነው፤ ካዚሚዬሽ ወደሚባለው ጥንታዊ የአይሁድ መኖሪያ። ወረቀቶቹ ላይ ያለው ፎቶግራፍም ያው አንድ ምኩራብ ነው። የሚያሳዩት ነገር ግን በጣም ይለያያል።

እኔ በተለያየ ጊዜ ሁሉንም ሞክሬያለሁ። ሐሳቤን ሳልደብቅ ልጀምር፦ ካዚሚዬሽን ብቻ ለማየት ከሆነ ብስክሌት አትከራዩ። እዚያ ጠባብ መንገድና ኮብልስቶን ውስጥ ብስክሌቱ እናንተን ከሚሸከማችሁ ይልቅ እናንተ እሱን ስትገፉ ትውላላችሁ። ብስክሌት ዋጋውን የሚያወጣው ወንዙን ስትሻገሩ ነው። ይህ ለምን እንደሆነ የሚገባው የቦታውን አቀማመጥ ለሚያውቅ ሰው ስለሆነ ከዚያ ልነሳ። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ታሪኩ በወንዙ በሁለቱም ወገን ነው

ካዚሚዬሽ ሲጀመር የክራኮቭ ሰፈር አልነበረም። ንጉሥ ካዚሚዬሽ ሣልሳዊ በ1335 የቆረቆረው፣ የራሱ ቅጥርና የራሱ ገበያ የነበረው ሌላ ከተማ ነው። በ1495 ንጉሥ ያን ኦልብራክት የክራኮቭ አይሁድ ወደዚያ እንዲዛወሩ አደረገ። ከዚያ በኋላ ከአራት መቶ ዓመታት በላይ የአይሁድ ትምህርት፣ ንግድና ጸሎት የሚኖርበት ቦታ ሆነ። በ16ኛው ክፍለ ዘመን እዚህ ያስተማሩት ረቢ ሞሼ ኢሰርሌስ የጻፉት የሕግ ማብራሪያ አሽከናዚ የሚባሉት የመካከለኛውና የምሥራቅ አውሮፓ አይሁድ እስከ ዛሬ የሚመሩበት ነው። የሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሲጀመር በክራኮቭ ከስልሳ ሺህ ያላነሱ አይሁድ ነበሩ፤ ከከተማው ነዋሪ ሩብ ያህሉ ማለት ነው።

ብዙ ጎብኚ የሚሳሳተው ቀጥሎ ባለው ነገር ላይ ነው። ናዚዎች ጌቶውን፣ ማለትም አይሁድን ለይተው ያጎሩበትን የታጠረ ሰፈር፣ ያቋቋሙት ካዚሚዬሽ ውስጥ አይደለም። በማርች 1941 አይሁዱን ከካዚሚዬሽ አስነሥተው ከቪስዋ ወንዝ ማዶ ወዳለው ፖድጉዤ ወደሚባል ሰፈር አስገቧቸው። ቀድሞ ሦስት ሺህ ያህል ሰው ይኖርበት በነበረ ቦታ ከአሥራ አምስት ሺህ በላይ ሰው ታጎረ። በ1942 በሺዎች የሚቆጠሩት ወደ ቤውዜትስ የሞት ካምፕ ተጫኑ። ማርች 13 እና 14 ቀን 1943 ጌቶው ፈረሰ፤ ለጉልበት ሥራ ይሆናሉ የተባሉት አጠገቡ ወዳለው የፕዋሹፍ ካምፕ ተነዱ፤ የቀሩት ወይ እዚያው መንገድ ላይ ተገደሉ ወይ ወደ አውሽዊትዝ ተላኩ።

አይሁድን ከሞት ስላተረፈው ጀርመናዊ የፋብሪካ ባለቤት ስለ ኦስካር ሺንድለር የተሠራው ዝነኛ ፊልም ለዚህ ስሕተት የራሱ ድርሻ አለው። የጌቶውን ትዕይንቶች የቀረጹት በአብዛኛው ካዚሚዬሽ ውስጥ ነበርና፣ በዩዜፋ እና በማይዜልስ ጎዳናዎች መካከል ባለው ዝነኛ ግቢ ፎቶግራፍ የሚነሣው ሕዝብ ጌቶው ውስጥ የቆመ ይመስለዋል። ጌቶው ወንዙን ተሻግሮ ነው።

ከካዚሚዬሽ እምብርት እስከ ፕዋሹፍ ያለው መንገድ አምስት ኪሎ ሜትር እንኳ አይሞላም። ሰዎቹ የኖሩበት፣ የታሰሩበትና ያለቁበት ቦታ ይህን ያህል ነው የሚራራቀው። የእግር ጉብኝቱ አብዛኛውን ጊዜ ከዚህ ርቀት የመጀመሪያውን ክፍል ያሳያችኋል፤ ብስክሌቱ ሙሉውን ሊያሳያችሁ ይችላል። የምርጫው ሥር ይኸው ነው።

በእግር፦ ለካዚሚዬሽ ራሱ

ካዚሚዬሽ በእግር ከዳር እስከ ዳር ሃያ ደቂቃ አይፈጅም። ሀብቱ ያለው ደግሞ በር ከፍቶ በመግባት ነው። ሼሮካ የሚባለው ጎዳና ስሙ «ሰፊው» ማለት ነው፤ ከመንገድ ይልቅ ረዘም ያለ አደባባይ ይመስላል። በአንዱ ጫፍ አሮጌው ምኩራብ አለ፤ በ15ኛው ክፍለ ዘመን የተሠራና በፖላንድ ከቆሙት ምኩራቦች ከጥንታዊዎቹ አንዱ ሲሆን ዛሬ ሙዚየም ነው። ወለሉ ከመንገዱ ዝቅ ስለሚል ደረጃ ወርዳችሁ ነው የምትገቡት። ከዚያ ትንሽ ራቅ ብሎ የረሙ ምኩራብ ይገኛል። ይህኛው ሙዚየም አይደለም፤ ዛሬም ይጸለይበታል። ወንዶች ራሳቸውን ሸፍነው ይገባሉ፤ ኪፓ (የአይሁድ ትንሽ ቆብ) ያልያዘ ኮፍያውን ማድረግ ይችላል።

ከምኩራቡ ጀርባ ያለው መቃብር ለእኔ የሰፈሩ ሁሉ ልብ ነው። በ1535 ተከፍቶ እስከ 1800 ገደማ ተቀብሮበታል። ከጦርነቱ በኋላ በተደረገው ቁፋሮ ከአፈር ሥር በመቶዎች የሚቆጠሩ የመቃብር ድንጋዮች ወጥተዋል፤ እንደገና የቆሙት ቆሙ፣ ሊጠገኑ የማይችሉት ስብርባሪዎች ደግሞ እርስ በርስ ተጋጥመው ግንብ ሆኑ። ከዚያ ግንብ ፊት ቆማችሁ አንዱን ፊደል ከሌላው፣ የአንበሳ ቅርጹን ከባረከው እጅ ምስል ስትለዩ ግማሽ ሰዓት ሳታውቁት ያልፋል። የረቢ ኢሰርሌስ መቃብር ላይ ሰዎች ጠጠር ያስቀምጣሉ፤ አበባ አይደለም። በብስክሌት ቡድን የመጣ ሰው ይህን ሁሉ ከአጥሩ ውጭ ሆኖ ነው የሚሰማው፤ ምክንያቱም አስጎብኚው አሥር ብስክሌት ደጅ ላይ ጥሎ አይገባም።

የእግር ጉብኝት ሁለት ዓይነት ነው። አንደኛው ክፍያው በጉርሻ የሆነው ነው። «ነጻ» ይባላል እንጂ ነጻ አይደለም፤ ሲያልቅ ሁሉም ኪሱን ይዳስሳል። ጥሩ አስጎብኚዎች አሉበት፤ ነገር ግን በአውሮፓ በጋ ቡድኑ ሠላሳ ሰው ሊደርስ ይችላልና ከኋላ ያለ ሰው የሚሰማው የመንገዱን ጫጫታ ነው። ሁለተኛው አስቀድሞ የሚከፈልበት፣ ቁጥሩ የተወሰነና የምኩራብ መግቢያን የሚጨምር ነው። ገንዘብ ለመቆጠብ ብላችሁ የመጀመሪያውን ብትመርጡ አልፈርድባችሁም፤ መቃብሩን ግን በኋላ ብቻችሁን ተመልሳችሁ እዩት።

በብስክሌት፦ ወንዙን ለመሻገር

ብስክሌቱን ስታስቡ መጀመሪያ የሚለየው ነገር የመንገዱ ዓይነት ነው። «የክራኮቭ የብስክሌት ጉብኝት» ተብሎ የሚሸጠው አብዛኛው ጉብኝት የመላው ከተማ ዙር ነው፦ አሮጌው ከተማ፣ የቫቬል ቤተ መንግሥት፣ እሳት የሚተፋው የዘንዶ ሐውልት፣ የወንዙ ዳር፣ ከዚያ ካዚሚዬሽ አሥራ አምስት ደቂቃ። ለከተማዋ አዲስ ለሆነ ሰው ደስ የሚል ዙር ነው፤ ስለ አይሁድ ሰፈር ለማወቅ ለመጣ ሰው ግን ገንዘብ ማባከን ነው። እኔ የመጀመሪያ ጊዜ የተሳሳትኩት እዚህ ላይ ነው። ወረቀቱ ላይ ምኩራቡን አይቼ ከፈልኩ፤ ምኩራቡን ያየሁት ፔዳል እየመታሁ ነበር። ሌላው ዓይነት ከካዚሚዬሽ ተነሥቶ ወደ ፖድጉዤ የሚያልፈው፣ የአይሁድ ታሪክ ብቻ የሚነገርበት ጉብኝት ነው። የምነግራችሁ ስለዚህኛው ነው።

ከካዚሚዬሽ ወደ ማዶ የምትሻገሩት በቤርናቴክ ድልድይ ነው። በ2010 የተከፈተው ይህ ድልድይ ለእግረኛና ለብስክሌት ብቻ ነው፤ ፍቅረኞች የሰቀሉት ቁልፍ ከሁለቱም በኩል ይንጠለጠልበታል። ጥሩ አስጎብኚ እዚያ ላይ ያስቆማችኋል። በስተኋላችሁ የካዚሚዬሽ ጣሪያዎች፣ ፊት ለፊታችሁ ፖድጉዤ። በዚህ ወንዝ ላይ ሰዎች በ1941 ፍራሻቸውንና ወንበራቸውን በጋሪ ጭነው ተሻገሩ። እዚህ ድረስ የደረሰ ሰው ብስክሌት ለምን እንደመረጠ ይገባዋል፤ ርቀቱን ሰው ሲነግረው ሳይሆን በራሱ ጉልበት ይለካዋልና።

ከዚያ ጥቂት ደቂቃ ሄዶ የጌቶ ጀግኖች አደባባይ አለ። ሰዎች ለመጫን የሚሰበሰቡት እዚህ ነበር። ከ2005 ጀምሮ በአደባባዩ ላይ ሰባ ባዶ የብረት ወንበሮች ተበታትነው ቆመዋል፤ ጌቶው ሲፈርስ ሜዳው ላይ የቀረውን የቤት ዕቃ ያስታውሳሉ። በአደባባዩ ጥግ ታዴዉሽ ፓንኪዬቪች የተባለው ፖላንዳዊ ጌቶው ውስጥ ከፍቶ ያቆየው ፋርማሲ ዛሬ ትንሽ ሙዚየም ነው። አይሁድ ያልሆነው ይህ ሰው «ውጣ» ሲባል እምቢ ብሎ መድኃኒትም መደበቂያም ሰጥቷል። ከዚያ በልቮቭስካ ጎዳና የጌቶው አጥር ቁራጭ ይታያል፤ የአጥሩን አናት ቅስት ቅስት አድርገው የሠሩት የአይሁድ መቃብር ድንጋይ እንዲመስል ነው። ቀጥሎ ሊፖቫ ጎዳና ቁጥር 4፣ የሺንድለር የብረት ድስት ፋብሪካ። በዚህ ፋብሪካ ስም ከአንድ ሺህ በላይ አይሁድ ከሞት ተርፈዋል። በ2010 የተከፈተው ሙዚየም ግን ስለ ሺንድለር ብቻ ሳይሆን በጠቅላላው በወረራ ሥር ስለነበረችው ክራኮቭ ነው የሚናገረው፤ ውስጡን በቅጡ ለማየት ወደ ሁለት ሰዓት ይፈጃል። ስለዚህ ማንኛውም የብስክሌት ጉብኝት በር ላይ አቁሞ ያልፋል። ቲኬቱ አስቀድሞ ስለሚያልቅ ከቤታችሁ ሳትነሡ ለሌላ ቀን ያዙ።

ጉብኝቱ እዚህ የሚያልቅ ከሆነ ግማሹን ነው ያያችሁት። ከመክፈላችሁ በፊት «ፕዋሹፍ ትሄዳላችሁ?» ብላችሁ ጠይቁ። ካምፑ የተሠራው በሁለት የአይሁድ መቃብሮች ላይ ነበር፤ የመቃብር ድንጋዩን መንገድ አንጥፈውበታል። ዛሬ የሚታየው ሰፊ የሣር ሜዳ፣ ጥቂት ድንጋይ፣ ጥቂት ጽሑፍ፣ በአናቱም በ1964 የቆመው ደረታቸው የተሰነጠቀ ሰዎች ግዙፍ ሐውልት ነው። የሰፈሩ ሰዎች ውሻቸውን ይዘው ያልፋሉ። በእግር ከካዚሚዬሽ እዚህ የሚመጣ ጎብኚ ጥቂት ነው፤ ጋሪውም ቢሆን አብዛኛውን ጊዜ ፋብሪካው ላይ ይመለሳል። ለእኔ የብስክሌቱ ክፍያ የወጣው በዚህ አንድ ቦታ ነው።

«በእንዲህ ያለ ቦታ ላይ ብስክሌት መንዳት ነውር አይደለም?» ብላ የጠየቀችኝ እኅቴ ናት። ጥያቄዋ ተገቢ ነው። አባቶቻችን በቤተ ክርስቲያን ደጅ ሲያልፉ ከበቅሎ ይወርዱ ነበር፤ ያው ሥርዓት ይበቃል። አደባባዩ ላይ በወንበሮቹ መካከል አትንዱ፣ ፕዋሹፍ ላይ ወርዳችሁ ግፉ። ደግሞ የክራኮቭ አይሁድ ራሳቸው ብስክሌትን የመታሰቢያ መንገድ አድርገውታል። ከ2014 ጀምሮ በየዓመቱ በአውሮፓ በጋ መግቢያ ላይ ብዙ ሰዎች ከአውሽዊትዝ ቢርከናው በር ተነሥተው እስከ ካዚሚዬሽ የአይሁድ ማኅበረሰብ ማዕከል ድረስ ዘጠና ኪሎ ሜትር አልፎ የሚሄድ መንገድ በብስክሌት ይጓዛሉ። አቅጣጫው ከሞት ወደ ሕይወት ነው፤ ማዕከሉ በ2008 የተከፈተና ዛሬም አባላት ያሉት ነው።

ስለ ጉልበቱ የሚፈራ ሰው ካለ፦ ከተማዋ ለጥ ያለች ናት፤ ባሕር ዳር ወይም ሐዋሳ ያደገ ሰው ምንም አይሰማውም። በልጅነቱ ጃን ሜዳ አካባቢ በሰዓት ተከራይቶ የነዳ የአዲስ አበባ ልጅም ይወጣዋል። ዳገት የሚመጣው ወደ ፕዋሹፍ ስትቃረቡ ብቻ ነው፤ ጉልበታችሁ የሚያማችሁ ከሆነ በኤሌክትሪክ የሚታገዘውን ብስክሌት ውሰዱ። አደጋው ያለው ሌላ ቦታ ነው፦ የትራም ሐዲድ። ጎማችሁ ሐዲዱ ውስጥ ከገባ ወደቃችሁ ማለት ነው፤ ሁልጊዜ በቀጥታ አቋርጡት፣ በጎኑ አትሂዱ፣ በዝናብ ቀን ደግሞ ወርዳችሁ ተሻገሩ። በእግረኛ መንገድ ላይ መንዳት ከጥቂት ሁኔታዎች በቀር ክልክል ነው። የፖላንድ ሕግ ጠጥቶ ብስክሌት መንዳትንም በከባድ ቅጣት ይቀጣል፤ አንድ ቢራ እንኳ ሊያስከስስ ይችላል። ምሳ ላይ ቢራ ያዘዘ የቡድናችን ሰው አስጎብኚዋ ብርጭቆውን በፈገግታ ስትወስድበት አይቻለሁ።

አስጎብኚን ስትመርጡ ከዋጋው በፊት የቡድኑን ቁጥር ጠይቁ። ከስምንት ሰው በላይ ከሆነ ግማሹ ሰዓት መብራት ላይ የቀሩትን በመጠበቅ ያልፋል። ስንት ቦታ ላይ እንደሚቆም፣ ወንዙን ተሻግሮ የት ድረስ እንደሚሄድ፣ ቢዘንብ ገንዘብ እንደሚመልስ ጠይቁ። መልሱ «ብዙ ቦታ እናያለን» ከሆነ ሌላ ፈልጉ።

ጋሪውና ብቻን መሄድ

የኤሌክትሪክ ጋሪውን የአገሬው ሰው «ሜሌክስ» ይለዋል። ታሪኩ ከድምፅ ማጉያ የሚወጣ ቅጂ ነው፤ ጋሪው መብራት ላይ ሲዘገይ ቅጂው ስላለፈ ሕንፃ ማውራቱን ይቀጥላል። አልወደውም። እናቴን ይዤ የሄድኩ ጊዜ ግን ያለ እሱ ጌቶውን ባላየች ነበር። እግራቸው ለደከመ ወላጆች፣ ሕፃን ለያዘ ሰው፣ በክረምት ብርድ ደግሞ ለሁሉም ሰው፣ ከምንም ይሻላል። አሽከርካሪው እንግሊዝኛ የሚናገር ከሆነ ቅጂውን አጥፍቶ ራሱ እንዲያወራላችሁ ለምኑት፤ ጉርሻውን ያኔ በደስታ ትሰጣላችሁ።

ብስክሌት ተከራይቶ ያለ አስጎብኚ መሄድ ርካሹ ነው። መንገዱን አንድ ጊዜ ለተመራ ሰው እመክረዋለሁ፤ ለመጀመሪያ ጊዜ ለሚመጣ ግን አልመክርም። ፖድጉዤ ውስጥ ብዙው ነገር ተራ የመኖሪያ ሕንፃ ነው። ማንም ካልነገራችሁ በልቮቭስካ ጎዳና የቆመውን አጥር የጓሮ ግንብ ነው ብላችሁ ታልፉታላችሁ።

ቀኑና ሰዓቱ

ቅዳሜ የረሙ ምኩራብና መቃብር ዝግ ናቸው፤ በአይሁድ በዓላትም እንዲሁ። ከአውሮፓ ከተሞች ለቅዳሜና እሑድ ብቻ የምትመጡ ብዙ ናችሁና ይህን አስቀድማችሁ አስቡበት፦ ቅዳሜ ብስክሌቱን፣ እሑድ ጠዋት እግሩን አድርጉ። ከእስራኤል የሚመጡ ወገኖቻችን፣ በተለይ በትምህርት ቤት ጉዞ ፖላንድን በአውቶቡስ ያዩ የቤተ እስራኤል ወጣቶች፣ ካምፖቹን አስቀድመው ያውቋቸዋል፤ ለእነሱ የምመክረው ተቃራኒውን ነው፤ ጊዜያቸውን ሰው በኖረበት በካዚሚዬሽ በእግር ያሳልፉ። በሼሮካ አቅራቢያ ያለው የጋሊሺያ የአይሁድ ሙዚየም በፎቶግራፍ ብቻ ብዙ ይናገራል።

ለብስክሌት ከሚያዝያ መጨረሻ እስከ መስከረም ያለው የአውሮፓ ወራት ጥሩ ነው። ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ የሚነሣውን ምረጡ፤ ከሰዓት በኋላ ሼሮካ በጋሪና በቱሪስት ይሞላል።

ስለ ምግብ አንድ ነገር ብቻ። ሼሮካ ላይ የዕብራይስጥ ፊደል የተጻፈበት ምግብ ቤት ሁሉ ኮሸር (በአይሁድ ሕግ የተፈቀደ ምግብ የሚያቀርብ) አይደለም፤ ብዙዎቹ «የአይሁድ ዓይነት» ምግብ ነው የሚያቀርቡት፤ ኮሸር የሚጠብቅ ሰው ከመቀመጡ በፊት ይጠይቅ። እኔ የምሄደው ፕላጽ ኖቪ ወደሚባለው ገበያ ነው። መሐሉ ላይ ያለው ክብ ሕንፃ ከጦርነቱ በፊት የኮሸር ዶሮ ይታረድበት ነበር፤ ዛሬ በመስኮቶቹ ዛፒዬካንካ ይሸጣሉ፦ ረዥም ዳቦ ለሁለት ተሰንጥቆ፣ እንጉዳይና አይብ ተነስንሶበት የተጠበሰ። ረቡዕና ዓርብ ለሚጾም «ያለ አይብ» ማለት ያስፈልጋል። ሻጯ ትንሽ ግራ ተጋብታ ታያችኋለች፤ እንጉዳዩን ግን ጨምራ ትሰጣለች።